ዓሣ ነባሪ ያየንበት ቅዳሜ

መርዶ ነጋሪ ነበርኩ። ማንም አልሾመኝም፤ ግን ሃያ ዓመት ሙሉ፣ ከሳን ሆዜ እስከ ኦክላንድ፣ አገር ቤት ሰው የሞተበት ሐበሻ ሁሉ ወሬው መጀመሪያ የሚመጣው እኔ ጋ ነበር። መቼም ወንድም ለእህቱ ደውሎ «እናታችን ሞተች» አይልም። እኔ ጋ ይደውላል። እኔ ሽማግሌዎቹን እጠራለሁ፣ ቄሱን አስነሳለሁ፣ ማን መኪና እንደሚነዳ፣ ማን ውሃ እንደሚይዝ፣ ደም ግፊት ያለባት ከሆነች ማን ከጎኗ እንደሚቀመጥ እወስናለሁ። ሰው ከሥራው እንዳይስተጓጎል ለቅዳሜ ወይም ለእሁድ ጠዋት አደርገዋለሁ። እስከዚያች ጠዋት ድረስ ሐዘንተኛውን ከስልክ ማራቅም የኔ ፈንታ ነበር። ጓደኞቼ «አንቺ ስትደውይ ሄሎ ከማለታችን በፊት ነጠላ ነው የምንፈልገው» እያሉ ያሾፉብኝ ነበር። እስቃለሁ። ምን እዋሻለሁ፣ እኮራበትም ነበር።

የዛሬ ሁለት ዓመት ሰመር ላይ ስልሳ ሞላኝ። ሳኒቬል የምትሠራው ልጄ ስጦታ ስትገዛ መቼም ጤነኛ ነገር አይታያትም፣ «ሰርፕራይዝ!» ብላ ሦስት ትኬት አመጣችልኝ። ጠዋት በጀልባ ባህር ወጥቶ ዓሣ ነባሪ ማየት፤ ከሰዓት በኋላ ደግሞ ሦስት ሰዓት ያህል ነድቶ፣ ከተራሮቹ ግርጌ በጎማ ጀልባ በድንጋይ መሃል በሚንፈቀፈቅ ወንዝ መውረድ። ሁለቱንም በአንድ ቀን!

«አንቺ ልጅ፣ ስልሳ ሞላኝ አልኩሽ እንጂ መሞት አማረኝ መች አልኩ?» አልኳት።

«እማዬ፣ ኢትስ ጎና ቢ ፈን» አለችኝ። ልጄ አማርኛ አንዲት አያመልጣትም፤ መልሷ ግን ሁልጊዜ በእንግሊዝኛ ነው።

ሦስተኛው ትኬት ለጓደኛዬ ነበር። ጓደኛዬ የምለው ሌላ ቃል አጥቼ ነው። ካርቱም አንድ ፍራሽ ላይ ተኝተናል። ኦክላንድ የገባነው በአንድ ሳምንት ልዩነት ነው። ልጄን ስወልድ እጄን ይዛ የጮኸችው እሷ ናት፤ ከኔ ይልቅ የሷ ጩኸት ነበር ነርሶቹን ያስቸገረው። እሷ አላገባችም፣ አልወለደችም። አላሜዳ ባለ የአዛውንቶች መጦሪያ ሌሊት ሌሊት ትሠራለች፤ የሰው እናት ስታገላብጥ ታድራለች። የራሷን እናት ግን ካየች ስድስት ዓመት ሆኗት ነበር። ለመስከረም ትኬት ቆርጣ፣ ፈቃዷን አስፈርማ ቀን ትቆጥር ነበር።

ስትተኛ ስልኳን ጥርቅም አድርጋ ነው የምትዘጋው። ካልዘጋችው ኤጀንሲው «ሽፍት ከቨር አድርጊልን» እያለ እንቅልፍ አይሰጣትም። አዲስ አበባ ያሉት ዘመዶቿም ይህን ያውቃሉ፤ ስልኳ ዝግ ከሆነ ተኝታለች ማለት ነው። ቅዳሜ ጠዋት ግን፣ ሰማይ ቢደፋ፣ ተነስታ ትከፍተውና እናቷን ታናግራለች።

ያን ቅዳሜ ገና ሳይነጋ ስነሳ ስልኬ ላይ የወንድሟን ሦስት ጥሪ አየሁ። ድምፁን አጥፍቼ ስለተኛሁ አልሰማሁትም። ከሦስቱ ጥሪ በኋላ አንድ የድምፅ መልእክት ልኳል። ይህ ሰው ለኔ ደውሎልኝ አያውቅም፤ ቁጥሬን እህቱ የሰጠችው ለክፉ ቀን ይሁን ብላ ነው። እናቷን ደግሞ ያን ሰሞን ጉንፋን ቢጤ ይዟቸው እንደነበር ነግራኛለች። በቃ፣ ለኔ ይበቃኝ ነበር። አልጋዬ ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ «እማማ ሄዱ» አልኩ። አፌን በፎጣ አፍኜ አለቀስኩ።

መልእክቱን አልከፈትኩትም። ከጥሪ በኋላ የሚመጣ የድምፅ መልእክት ምን እንደሆነ ሃያ ዓመት ሰምቼዋለሁ፤ ለቅሶ ነው። ለቅሶውን ከሰማሁ ፊቴ ላይ ይቀራል፣ እሷ ደግሞ ፊቴን እንደ ዳዊት ነው የምትደግመው። ለወንድሟ መልሼም አልደወልኩለትም። የደወልኩት ኩፐርቲኖ ለሚኖሩት ጡረተኛ መምህር ነው፤ መርዶ ሲኖር ሁልጊዜ ሽማግሌዎቹን የሚመሩልኝ እሳቸው ናቸው።

«ጋሼ፣ እንዲህ ያለ ነገር መጥቷል» አልኳቸው።

«አረጋግጠሻል?» አሉኝ።

«ጋሼ! እኔን ነው እንዲህ የሚጠይቁኝ?»

«እሺ፣ እሺ፣ ይቅርታ። እንግዲያው ነገ ከቅዳሴ በፊት እንሄዳለን። ዛሬን እንደምንም አንቺ ያዥያት» አሉኝ።

ምን ችግር አለ? ሙሉ ቀን የሚወስድ፣ ስልክ የማይገባበት ጉዞ በእጄ ላይ አለ። ሌላ ጊዜ ሐዘንተኛን ከስልክ ለማራቅ ስንት ውሸት ነው የምፈጥረው! ያን ቀን እግዜር ራሱ ያዘጋጀልኝ መሰለኝ። አፈር ልብላ፣ እንዲያውም አመሰገንኩት።

ልጄ እየነዳች ወደ ኦክላንድ ስንሄድ ነገርኳት።

«እማዬ፣ ሺ ሃዝ ቱ ኖው!»

«ነገ ጠዋት ታውቃለች። ቄስ ባለበት፣ ሰው ባለበት።»

«ኤንድ ዘ ሜሴጅ? ዲድ ዩ ኢቨን ሊስን ቱ ኢት?»

«መስማት አያስፈልገኝም።»

«ዘን ዩ ዶንት ኖው፣ እማዬ። ዩ ዶንት አክችዋሊ ኖው።»

«የማታውቂውስ አንቺ ነሽ! ይሄ የናንተ ኦፊስ አይደለም፣ መርዶ በኢሜይል የሚላክበት። አርፈሽ ንጂ!» ብዬ ጮህኩባት። ልደቴን ልታከብርልኝ የመጣችውን ልጅ። መሪውን ጨብጣ እስከ ኦክላንድ ነዳች።

ጓደኛዬ አፓርታማዋ በር ላይ ጠበቀችን። አዲስ ስኒከር አድርጋለች፣ ዳቦ ቆሎ በፌስታል ቋጥራለች። ያን ሌሊት ሥራ አልገባችም፤ ለኔ ልደት ብላ ስንት ለምና ያገኘችው ዕረፍት ነው። በእጇ ስልኳን ይዛለች፣ ገና አልከፈተችውም።

«እልልል! ስልሳ ዓመት!» ብላ አቀፈችኝ። «ግቡ፣ ሁለት ደቂቃ ስጡኝ። እማዬን ላናግራት። ዓሣ ነባሪ ልናይ ነው ብላት በሳቅ ትፈርሳለች።»

ጣቷ መክፈቻው ላይ ነበር።

«ስንመለስ ትደውይላታለሽ» ብዬ ስልኩን ከእጇ ወሰድኩት። «ጀልባው አይጠብቀንም። ደግሞ ወንዝ ልንገባ አይደለም እንዴ? ውሃ ገብቶበት አርፈሽ ልትቀመጪ ነው?»

«ኧረ ሁለት ደቂቃ...»

«በሞቴ!» አልኳት። በሞቴ ካልኳት እንቢ አትለኝም።

«እሺ፣ ዛሬ ያንቺ ቀን ነው» አለች። ስልኩን ዝግ እንደሆነ የአልጋዋ ራስጌ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩት። ልጄ በሩ ላይ ቆማ ጫማዋን ታያለች። የራሴንም ስልክ ቦርሳዬ ውስጥ ቀብሬ፣ ቦርሳውን የመኪናው ትራንክ ውስጥ ቆለፍኩበት።

ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ጀልባው ተነሳ። ጉሙ ወደ ባህሩ መውጫ ላይ ካለው ትልቁ ድልድይ ብረት ሥር ገና አልተነሳም፣ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ከድልድዩ ወዲያ ማዕበሉ ሲያነሳንና ሲጥለን ግማሹ ቱሪስት ፌስታል ፍለጋ ገባ። ጓደኛዬ ግን ብረቱን ጨብጣ ፊት ለፊት ቆመች። ይህን ያህል ዘመን ኦክላንድ ስትኖር ባህሩን የምታየው ከአውቶቡስ መስኮት ነበር። ካፒቴኑ በማይክ የሚናገረውን ልጄ ቀለል ባለ እንግሊዝኛ ትደግምላታለች፣ እሷ ደግሞ እንደ ተማሪ ራሷን ትነቀንቃለች።

ሁለት ሰዓት ያህል ምንም አልነበረም፤ ውሃ ብቻ። ከዚያ በግራችን አንድ ጥቁር ጀርባ ከውሃው ወጣ፣ ወጣ፣ አላልቅ አለ። ፉውው ብሎ ሲተነፍስ እርጥቡ ፊታችን ላይ አረፈ። ሽታው በስመ አብ! የከረመ ዓሣ።

«ኧረ ይሄስ ጥርሱንም ፍቆ አያውቅ!» አለች ጓደኛዬ። ከዚያ ጭራውን አንስቶ ሲጠልቅ፣ አፏን በእጇ ሸፍና እልልታዋን አቀለጠችው። ቱሪስቶቹ ዞረው አጨበጨቡላት። አንዲት አሮጊት ቻይና አብራት እልል ለማለት ሞከረች። ጓደኛዬ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች፣ አንገቴን አንቃ ሳመችኝ።

«ማታ ለእማዬ ስነግራት አታምነኝም» አለች። «ውሸታም፣ ቤት የሚያህል ዓሣ አለ እንዴ ትለኛለች።»

እኔ ማልቀስ ጀመርኩ።

«ምነው?»

«ነፋሱ ነው።»

«ስልሳ ዓመት አስለቀሰሽ፣ እውነቱን ተናገሪ!» ብላ ጎኔን ጎሰመችኝ። ልጄ ጥላን ወደ ጀልባው ኋላ ሄደች። ወደብ የተመለስነው ከረፋዱ አምስት ሰዓት አልፎ ነው።

ወደ ወንዙ ስንነዳ ሙቀቱ ይጨምራል፣ ሳሩ ቢጫ ይሆናል። ጓደኛዬ ከኋላ ወንበር ዳቦ ቆሎውን እየቆረጠመች አወራች፣ አወራች። ለመስከረም ለእናቷ ስለገዛችው ጫማ፣ እግራቸው ስለሚያብጥ ቬልክሮ ያለው እንደመረጠች። ለራሴ «ዝም በይ፣ እስከ ነገ ብቻ ነው» እላለሁ። ደግሞም፣ እዚህ ላይ አልዋሽም፣ በልቤ «ጥሩ ይዘሻታል» የሚል ነገር ነበር። የሚያሳፍረኝ እሱ ነው።

ወንዙ ዳር ላይፍ ጃኬትና ሄልሜት አለበሱን። ሁለታችንም ሄልሜት አድርገን ስንተያይ እሷ መሬት ላይ ተቀምጣ ሳቀች። መሪያችን ወጣት ልጅ ናት፤ «ፎርዋርድ!» ስትል እንቀዝፋለን፣ «ስቶፕ!» ስትል እናቆማለን። መጀመሪያ ውሃው ገር ነበር። ከዚያ ድንጋዮቹ ጠበቡ፣ ወንዙ ነጭ ሆነ፣ ጀልባው አፍንጫውን ደፋ። እኔ መቅዘፊያውን እንደያዝኩ ተፈናጥሬ ወጣሁ።

ውሃው በረዶ ነው። ላዩና ታቹ ጠፋኝ። ወዲያው አንድ እጅ ጃኬቴን ትከሻዬ ላይ አነቀና ጎተተኝ፤ ጀልባው ውስጥ በሆዴ ተዘረጋሁ። እሷ ናት። አዛውንት ስታነሳ የኖረች ክንድ ናት። መሪያችን ገና ገመዷን እያዘጋጀች ነበር።

«አንቺን ጥዬ የት እሄዳለሁ?» አለችኝ እየተንቀጠቀጠች፣ ፀጉሬን ከፊቴ እየጠረገች። ያኔ ልነግራት አፌን ከፍቼ ነበር። «ፎርዋርድ!» ብላ መሪያችን ጮኸች፤ ጓደኛዬ መቅዘፊያዋን አነሳች። እኔም አፌን ዘጋሁ።

ጉዞው ሲያበቃ በአውቶቡስ መኪናችን ጋ መለሱን። እነሱ ልብስ ሲቀይሩ ቦርሳዬን ይዤ ሽንት ቤት ገባሁ፤ የነገውን ቀጠሮ ከጋሼ ጋር ላረጋግጥ ብዬ። የወንድሟ መልእክቶች አራት ሆነዋል። ለቅሶ አራት ጊዜ አይላክም። በሩን ቆልፌ ከፈትኳቸው።

የመጀመሪያው ገና ሳይነጋ የመጣው ነው። «እህቴ፣ እንደምን አደርሽ። የእህቴ ስልክ ዝግ ሆነብኝ። እማዬ ከትናንት ጀምሮ ሆስፒታል ናት፣ ሳንባዋ ነው አሉን። ዛሬ ግን ነቃ ብላለች፣ እሷን አገናኙኝ እያለች ነው። እባክሽ ሄደሽ ቀስቅሺልን» ይላል። ሁለተኛው ጀልባው ከተነሳ በኋላ ነው፤ «ኧረ ባክሽ እህቴ፣ እየደከመች ነው።» ሦስተኛው የራሳቸው የእማማ ድምፅ ነው፤ እሱን ቆይቼ እነግራችኋለሁ። አራተኛው ለቅሶ ነበር። አራተኛው የተላከው ከረፋዱ አምስት ሰዓት ላይ ነው፤ አዲስ አበባ ከምሽቱ ሦስት ሰዓት።

እናቷ ጠዋት አልሞቱም ነበር። ስልኩን ከእጇ ስወስድ በሕይወት ነበሩ። ዓሣ ነባሪው ሲወጣ በሕይወት ነበሩ፣ ልጃቸውን ይጠሩ ነበር። ሁለት ደቂቃ ነው የለመነችኝ።

ሽንት ቤቱ ወለል ላይ ተቀመጥኩ። ልጄ በሩን አንኳኩታ «እማዬ?» ስትለኝ ከፈትኩላት፣ ስልኩን ሰጠኋት። የመጀመሪያውን ሰማች። ሌላውን አልሰማችውም። ስልኩን መልሳ እጄ ላይ አስቀመጠችና ፊቴን አየችኝ። ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር።

ጓደኛዬን ያን ማታ «ደክሞሻል፣ እኛ ጋ እደሪ» ብዬ ሳን ሆዜ ወሰድኳት፣ እሁድ ጎህ ሲቀድ ሰዎቹ መጡ። ጋሼ «ልጄ፣ የሁላችንም መንገድ ነው» ሲሉ ገባት። ስትወድቅ የያዝኳት እኔ ነኝ፤ ሁሉም በሥነ ሥርዓት ሆነ፣ ውሃው፣ ነጠላው፣ ጸሎቱ። በለቅሶው ሰሞን ኦክላንድ ቤቷ የገባ የወጣው ሁሉ አመሰገነኝ። «እንዴት አድርገሽ ያዝሻት! ቀኑን ሙሉ አጫውተሽ!» ይሉኛል። እሷ ራሷ እጄን ይዛ «እንኳን ያን ቀን አልነገርሽኝ። መጨረሻ የሳቅሁት ያን ቀን ነው» አለችኝ። ወንድሟም ምንም አላላትም፤ እሷም እኔም ተኝተን ያመለጠን ነው የመሰለው። እናቷ የሞቱት ዓርብ ለቅዳሜ ሌሊት እንደሆነ አምና ተቀመጠች። ማንም ሰዓቱን አልነገራትም፣ እሷም አልጠየቀችም።

ልተወው እችል ነበር። መልእክቱን አጥፍቼ፣ ይዤው ልሞት እችል ነበር። ብዙ ቀን ጣቴን ማጥፊያው ላይ አድርጌ አነሳሁ። ከአርባቸው ማግስት ልጄ ወጥ ቤት ቆማ ስልኬን ይዤ ስቆዝም አየችኝ።

«አልሰጠሻትም?» አለችኝ፣ በአማርኛ።

«እንዴት ብዬ?»

«ኢት ኢዝንት ዩርስ፣ እማዬ» አለችኝ። ይህን ብቻ ብላ ወጣች።

በሦስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ኦክላንድ ሄድኩ። ጓደኛዬ ወደ ሥራ ልትሄድ ዩኒፎርሟን ለብሳ ነበር፤ ጥቁር ነጠላዋ ወንበር ላይ ተሰቅሏል። ቆሜ ነው የነገርኳት። ጥሪዎቹን፣ ያልሰማሁትን መልእክት፣ መሳቢያውን፣ ሰዓቱን፣ አንዱንም አልተውኩም። እሷ ጣቶቿን ታጥፍ ነበር፤ የኛንና የአዲስ አበባን ሰዓት እያመሳከረች እንደሆነ ገባኝ።

«እና ድምፅዋ አለ?» አለችኝ በመጨረሻ።

ከፈትኩላት። የሆስፒታል ኮቴ ይሰማል፣ ወንድሟ «እማዬ፣ ስልኳ ዝግ ነው፣ እዚህ ላይ ተናገሪላት» ይላል። ከዚያ የእማማ ድምፅ፣ ቀጭን፣ እያረፈ፦

«ዝግ ነው? ተዋት በቃ፣ አትቀስቅሷት። ሌሊቱን ሥራ አድራ ነው። ትተኛ። ደክሟታል ልጄን። ስትነሳ... ጠብቃሽ ነበር በሏት።»

ጓደኛዬ ስልኩን ከእጄ ወስዳ ጆሮዋ ላይ አደረገችው፣ መስመሩ ገና ያልተዘጋ ይመስል።

«አልተኛሁም እኮ፣ እማዬ» አለች። «አልተኛሁም። ነቅቼ ነበር።»

ወደ እሷ አንድ እርምጃ ስሄድ እጇን አንስታ አቆመችኝ። ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

«ስትወጪ በሩን ሳቢው» አለችኝ።